ከተከዜ ቆላ እስከ ሰቆጣ፦ ባለጉዳይና የመንግሥት ወረቀት

ሰቆጣ ለአንድ ሰነድ ስሟን ያዋሰች ከተማ ናት። መንግሥት በሐምሌ 2007 ዓ.ም. ያወጀውና «የሰቆጣ ቃልኪዳን» የሚባለው ሰነድ፣ እስከ 2030 እ.ኤ.አ. ከሁለት ዓመት በታች ባሉ ሕፃናት ላይ የሚታየውን መቀንጨር ለማስቀረት የተገባ ቃል ነው። መቀንጨር የሚታወቀው የልጁን ቁመት ከዕድሜው ጋር በማነጻጸር ነው። ቁመቱ በሰሌዳ ይለካል። ዕድሜው ግን የሚታወቀው ልጁ የተወለደበትን ቀን አንድ ሰው አንድ ቦታ ጽፎት ከሆነ ነው። በ2008 ዓ.ም. በተካሄደው አገር አቀፍ የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት፣ ከአምስት ዓመት በታች ከሆኑት የኢትዮጵያ ሕፃናት ልደታቸው በመንግሥት መዝገብ የሰፈረው 3 በመቶዎቹ ብቻ ነበሩ። ስለዚህ ለኪው እናቲቱን ይጠይቃል፦ «ከጥምቀት በፊት ነው የወለድሽው ወይስ በኋላ? እህሉ ተወቅቶ ነበር?» እናቲቱ ታስታውሳለች፣ ለኪው ያሰላል፣ ቁጥሩ ሪፖርት ውስጥ ይገባል። ቃልኪዳኑ በወረቀት ሰፍሯል፤ ቃል የተገባለት ልጅ ግን በወረቀት ላይ የለም።

ይህ ዳሰሳ ሰቆጣ በምትገኝበት በዋግ ኽምራ ሰው ከመንግሥት ወረቀት ጋር የሚገናኝባቸውን በሮች ያያል። እነርሱም የቀበሌ መታወቂያ፣ የልደት ምስክር ወረቀት፣ የመሬት ደብተር፣ የሴፍቲኔት ካርድ፣ አሁን ደግሞ ፋይዳ የሚባለው ዲጂታል መታወቂያ ናቸው። ስለ ቢሮክራሲ ሲነሣ የተለመደው ክስ «ወረቀት በዛ» የሚል ነው። ለአዲስ አበባ ባለጉዳይ እውነትነት ይኖረው ይሆናል። ከዝቋላ ወይም ከሰሃላ ቆላ ተነሥቶ አቀበት ለሚወጣ ሰው ግን የወረቀቱ ብዛት ሁለተኛ ነገር ነው። የመጀመሪያው ጥያቄ ማን ወደ ማን ይሄዳል የሚለው ነው። ያለፉትን ሃያ ዓመታት ስመለከት አንድ ነገር ደጋግሞ ይታየኛል፦ ጸሐፊው ወደ ሕዝቡ በሄደ ጊዜ ሥራው ተሠርቷል፤ ሕዝቡ ወደ ጸሐፊው እንዲመጣ ሲጠበቅ ግን መዝገቡ ባዶ ቀርቷል።

ደጋው ለጽሑፍ እንግዳ ሆኖ አይደለም። የዋግ አገዎች ዘመዶቻችን ከሚሏቸው ከዛግዌ ነገሥታት አንዱ የሆነው ላሊበላ የሰጣቸው ጉልቶች፣ በሽመዛና በሚገኘው በደብረ ሊባኖስ የወርቅ ወንጌል ውስጥ ተጽፈው ዛሬም ይነበባሉ። እንዲህ ባሉት የጉልት ጽሑፎች ላይ ስጦታው፣ የዘመኑ ሹማምንት ስምና ስጦታውን በሚያፈርስ ላይ የሚወርደው ውግዘት ይገኛል። ጽሑፉን የሚያስከብሩት ምስክሩና ውግዘቱ ነበሩ። ይህ ግን ለገዳምና ለቤተ ክርስቲያን ነው። ተራው ባለርስት መሬቱ የእርሱ መሆኑን የሚያስረዳው በቃል ነበር፤ የዘር ሐረጉን እስከ አቅኚው አባት ይቆጥራል፣ ሽማግሌ ይጠራል፣ ያስምላል። ዋግን ለዘመናት የገዙት ዋግሹሞች ናቸው፤ ከእነርሱም ዋግሹም ጎበዜ ከ1860 እስከ 1863 ዓ.ም. አፄ ተክለ ጊዮርጊስ ተብለው ነግሠዋል። በዚያ ሁሉ ዘመን አቤቱታ ማለት ሹም ፊት ቆሞ መናገር ነበር። «የቃል ይረሳል፣ የተጻፈ ይወረሳል» የሚለው ተረት በአገሩ ሁሉ ይነገር እንጂ፣ መጻፉ የጥቂቶች ዕድል ነበር።

ተራው ሰው ይመዝገብ የሚለው ሐሳብ በሕግ የመጣው በ1952 ዓ.ም. ነው። በዚያ ዓመት የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ የልደት፣ የጋብቻና የሞት ማስረጃ በክብር መዝገብ እንዲያዝ፣ መዝገቡንም የክብር መዝገብ ሹም እንዲጠብቅ በዝርዝር ደነገገ። ሕጉን እስከ መጨረሻው ያነበበ ግን ቁጥር 3361 ላይ ይደርሳል። እዚያ ላይ፣ ስለ ክብር መዝገብ የተጻፉት ድንጋጌዎች በነጋሪት ጋዜጣ ትእዛዝ እስኪወጣ ድረስ ሥራ ላይ አይውሉም ይላል። ትእዛዙ በንጉሡ ዘመን አልወጣም፤ በደርግ ዘመንም አልወጣም። የወሳኝ ኩነት ምዝገባና የብሔራዊ መታወቂያ አዋጅ ቁጥር 760 የወጣው በ2004 ዓ.ም. ሲሆን፣ ምዝገባው በአገር አቀፍ ደረጃ የተጀመረው ሐምሌ 30 ቀን 2008 ዓ.ም. ነው። በሕግና በሥራ መካከል ያለው ርቀት 56 ዓመት መሆኑ ነው። በዚህ መካከል የተወለደ፣ ያገባ፣ የሞተ የዋግ ሰው ሁሉ በደብሩ ካህንና በጎረቤቱ ዘንድ የታወቀ፣ በመንግሥት ዘንድ ግን ያልተጻፈ ነበር።

ክፍተቱን የሸፈነው ቀበሌ ነው። ደርግ በ1967 ዓ.ም. የገጠር መሬትን በአዋጅ ቁጥር 31፣ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤትን በአዋጅ ቁጥር 47 ሲወርስ የገበሬ ማኅበርና የከተማ ቀበሌ ተቋቋሙ። ሥርዓቱ ቢያልፍም ቀበሌው ቆየ። ዛሬ የቀበሌ መታወቂያ የሌለው ሰው ፍርድ ቤት መቅረብ፣ ረጅም መንገድ መሄድ ይቸግረዋል። ይህ ሁሉ የቆመበት መሠረት ደግሞ የጥንቱ ነው። መታወቂያ ለማውጣት አዲስ የሆነ ሰው ምስክር ያቀርባል፤ «የእገሌ ልጅ ነው፣ እናውቀዋለን» የሚሉ የቀበሌው ነዋሪዎች ይፈርሙለታል። ወንጌሉ ላይ ስማቸው የተጻፈው ምስክሮች አሁን በቅጽ ላይ መጥተዋል ማለት ይቻላል። በዚህ ማንም ሊያፍር አይገባም፤ በገጠር ከጎረቤት የተሻለ የማንነት ማስረጃ የለም። ችግሩ የሚጀምረው ይህ ምስክርነት ከቀበሌው ሲወጣ ነው።

አንድ ባለጉዳይ እናስብ። ልጇ ለትምህርት ወይም ለፓስፖርት የልደት ምስክር ወረቀት ያስፈልገዋል፤ እርሷ የተከዜ ቆላ ነዋሪ ናት። ሕጉ ልደት በ90 ቀን ውስጥ፣ ሞትና ጋብቻ በ30 ቀን ውስጥ ይመዝገቡ ይላል። ልጁ ግን ሕጉ ሥራ ላይ ከመዋሉ በፊት የተወለደ ነው። ቀበሌ ትሄዳለች። መዝጋቢው ስብሰባ ወርዷል። በሁለተኛው ቀን ይገኛል፤ «ልጁ ክርስትና መቼ ተነሣ?» ይላታል። ትነግረዋለች። የክትባት ካርድ ይጠይቃታል፤ ጠፍቷል። ምስክር ታመጣለች። ቅጹ ይሞላል፣ ቲተር ይመታል፣ ፊርማ ይፈረማል፣ ክብ ማኅተም ይቀራል። ማኅተሙ የተቆለፈበት መሳቢያ ቁልፍ ሊቀ መንበሩ ጋ ነው፤ ሊቀ መንበሩ ደግሞ ወረዳ ነው። ማኅተሙ ሲመታ ወደ ወረዳ ትላካለች፤ በእጇ የያዘችው ሸኚ ደብዳቤ «ጉዳዩ፦ ትብብር ስለመጠየቅ» ይላል። ወረዳ ላይ «እናቴ፣ ይሄ እኮ ቁጥር የለውም፤ ወጪ መዝገብ ላይ አስመዝግበው ይምጡ» ትባላለች። ወጪ መዝገቡ ያለው ቀበሌ ነው። በማግስቱ ደግሞ ፎቶ ኮፒ ይጎድላል፤ መብራት ስለሌለ ፎቶ ኮፒ የለም። ይህች እናት በአንድም ቦታ አልተከለከለችም፤ ያነጋገሯት ሁሉ አክብረዋታል። ሁሉም «ነገ ይምጡ» ብሎ ሸኛት።

ደብዳቤውን ቀረብ ብሎ ላየው ሰው ብዙ ይነግረዋል። ላይ በቀኝ ቁጥርና ቀን፣ መሃል ላይ «ለሚመለከተው ሁሉ»፣ ከዚያ «ጉዳዩ»፣ ከዚያም «ከላይ ስማቸው የተጠቀሰው ግለሰብ» ብሎ የሚጀምር አንድ አንቀጽ፣ ታች ቲተርና ማኅተም፣ ከሁሉም በታች «ግልባጭ» ይገኝበታል። ይህ ሁሉ ቀበሌው ለወረዳው የሚነግረው ነገር ነው። ሁለቱም የመንግሥት መሥሪያ ቤቶች ናቸው፤ ደብዳቤውን የሚያደርሰው ግን ባለጉዳዩ ነው። አንዱ መሥሪያ ቤት ለሌላው የሚያስተላልፈው መልእክት በዜጋ እግር የሚሄድበት አሠራር ለምን እንደ ተፈጥሮ ሕግ ተቆጥሮ እንደቀረ ይገርመኛል። ስልክ በኪሱ የሌለው የቀበሌ ሊቀ መንበር የለም። ወረዳው «ይህችን ሴት ታውቋታላችሁ?» ብሎ ለመጠየቅ የሚያስፈልገው አንድ የስልክ ጥሪ ነው። የስልክ ጥሪ ግን ፋይል ውስጥ አይገባም፤ ኦዲተር ሲመጣ የሚታየው ወረቀቱ ነው። ሠራተኛውን ብቻ መውቀስ ስለዚህ አግባብ አይመስለኝም። ያለማኅተም ጉዳይ የፈጸመ ሠራተኛ ይጠየቃል፤ ባለጉዳይን ሦስት ጊዜ ያመላለሰ ግን አይጠየቅም። ደመወዙ ኑሮውን ያልደረሰበት፣ ወረቀትና ቀለም ከበጀት ሲያልቅ ከኪሱ የሚገዛ መዝጋቢም በየወረዳው አለ።

ስምና ዕድሜ ሌላው መከራ ናቸው። በዋግ ብዙ ሰው የዓለም ስምና የክርስትና ስም አለው፤ ሰፈሩ የሚያውቀው በአንዱ ነው፣ የጤና ካርዱ ላይ የተጻፈው ሌላው ሊሆን ይችላል። የአባቱ ስም በአንዱ ወረቀት «ወልደ» ተነጥሎ፣ በሌላው ተጋጥሞ ይጻፋል። ሀ፣ ሐና ኀ፣ ሰና ሠ፣ ጸና ፀ በጽሑፋችን ውስጥ እንደ ጸሐፊው ፈቃድ የሚፈራረቁ ፊደላት ናቸው፤ ደብዳቤ ላይ ግን «ስሙ አይመሳሰልም» ያስብላሉ። የዋግ አገዎችን ቋንቋ ኽምጣናን የሚናገር ሰው ደግሞ ተጨማሪ ጣጣ አለበት። የቋንቋው ድምፅ ከአማርኛ ፊደል ጋር ሙሉ በሙሉ አይገጥምም፤ መዝጋቢው እንደሰማው ይጽፈዋል፣ ሁለተኛው መዝጋቢ ደግሞ ሌላ አድርጎ ይሰማዋል። የአስተዳደሩ ስም ራሱ ዋግ ኽምራ፣ ዋግ ኸምራ፣ ዋግ ህምራ እየተባለ በተለያየ መንገድ ሲጻፍ እናያለን። መንግሥት የራሱን ስም በአንድ ፊደል ሳይወስን የገበሬውን ስም በአንድ ፊደል ልያዝ ማለቱ ትንሽ ያስቃል።

ዕድሜም እንዲሁ ነው። የዋግ ሽማግሌ ዕድሜውን በዘመን ይነግርሃል፤ በ77ቱ ድርቅ ወጣት ነበርኩ፣ ወይም በዚያ ዓመት የወለድኳት ናት ይላል። መዝጋቢው ይህን ወደ ቀንና ወር መቀየር ስላለበት መስከረም 1 ወይም ጥር 1 ብሎ ይጽፋል። ከዚያ ፓስፖርቱ በፈረንጅ አቆጣጠር ሲመጣ በመታወቂያውና በፓስፖርቱ መካከል የሰባትና የስምንት ዓመት ልዩነት የሚፈጠርበት ጊዜ አለ። ወደ ዓረብ አገር ለመሄድ የተነሣች ልጅ ዕድሜዋ ሲጨመር፣ ያለዕድሜዋ ልትዳር የታሰበችም እንዲሁ ሲጨመርላት ማንም የሚያስተባብል መዝገብ የለም። የአማራ ክልል የቤተሰብ ሕግ የጋብቻ ዕድሜ 18 ነው ይላል፤ 18 መሆኗን የሚያረጋግጠው ወረቀት ግን ከሠርጉ በፊት በነበረው ሳምንት የተጻፈ ከሆነ ሕጉ ምን ላይ ይቆማል?

አሁን ወደ ተሳካው ልምጣ፤ ምክንያቱም ተሳክቷል። የገጠር መሬት ይዞታ ማረጋገጫ በኢትዮጵያ የተጀመረው በዋግ ጎረቤት በትግራይ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ነው። አማራ ክልል የመሬት አስተዳደር ባለሥልጣኑን በ1992 ዓ.ም. አቋቁሞ ተከተለ። በየቀበሌው ሕዝቡ ራሱ የመረጠው የመሬት አስተዳደርና አጠቃቀም ኮሚቴ ተሰየመ። ኮሚቴው ማሳው ድረስ ሄደ፤ ባለይዞታው ድንበሩን አሳየ፣ ወሰንተኞቹ ቆመው «አዎ፣ እስከዚህ ድረስ ነው» አሉ፣ በገመድ ተለካ፣ ተጻፈ። ዝርዝሩ ለሕዝብ ይፋ ሆነ፤ ቅሬታ ያለው ተናገረ። ከዚያ አረንጓዴው ደብተር መጣ። በመላ አገሪቱ በመጀመሪያው ዙር ከ20 ሚሊዮን በላይ ማሳዎች ለ6 ሚሊዮን ያህል አባወራና እማወራ ተመዘገቡ። ወጪው ለአንድ ማሳ አንድ የአሜሪካ ዶላር ገደማ ነበር። በዓለም ላይ ከተደረጉት የመሬት ምዝገባዎች በፍጥነቱም በርካሽነቱም ስሙ የሚነሣ ሥራ ነው፤ የሠሩት ደግሞ አብዛኞቹ ኮምፒዩተር ያላዩ የኮሚቴ አባላት ናቸው።

የአማራው ደብተር አንድ ጥሩ ነገር ነበረው፤ የባልና የሚስት ስም ብቻ ሳይሆን የሁለቱም ፎቶግራፍ ተለጠፈበት። ብዙ የገጠር ሴቶች በሕይወታቸው ለመጀመሪያ ጊዜ ፎቶ የተነሡት ለዚህ ደብተር ሳይሆን አይቀርም። ባል ሲሞት የባል ወንድም «መሬቱ የእኛ ቤተሰብ ነው» ብሎ ሲመጣ፣ መበለቲቱ የምትሟገተው ከሽማግሌ ምስክርነት ጋር ደብተሩን ይዛ ነው። መሬቱን ስታከራይም ሆነ ለመጋዞ ስትሰጥ ፎቶዋ ዋስትናዋ ነው። ደብተሩ እንከን የለውም ማለቴ አይደለም። ካርታ አልነበረውም፤ ውርስና ፍቺ ሲመጣ የሚያድሰው ጥቂት ነው፤ ሁለተኛው ዙር ምዝገባ በካርታና በኮምፒዩተር ሲመጣ ደግሞ ለውጡን ለማስመዝገብ መሄድ የግድ ወረዳ ድረስ ሆነ። እዚህም ያው ነገር ይታያል። ኮሚቴው ማሳ ላይ ሲመጣ ሁሉ ተመዘገበ፤ ለውጡን ገበሬው ወረዳ ሄዶ ያስመዝግብ ሲባል መዝገቡ ከመሬቱ መራቅ ጀመረ።

ሴፍቲኔትም ተመሳሳይ ትምህርት አለው፤ በአጭሩ ልለፈው። የልማታዊ ሴፍቲኔት ፕሮግራም የተጀመረው በ1997 ዓ.ም. ሲሆን የምግብ ዋስትና የሌላቸው የዋግ ወረዳዎች ከዋነኞቹ ተጠቃሚዎች መካከል ናቸው። ለአንድ የቤተሰብ አባል በወር አምስት ቀን ሥራ፣ ለአንድ ቀን ሦስት ኪሎ እህል፣ በወር 15 ኪሎ ተብሎ የተሠራ ስሌት ነው፤ መሥራት የማይችሉት ቀጥታ ድጋፍ ያገኛሉ። ማን ይግባ ማን ይቅር የሚለው በጎጥና በቀበሌ ግብረ ኃይል ተመርጦ በሕዝብ ስብሰባ ላይ ይነበባል፤ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴም አለ። በሰው ፊት የሚነበብ ዝርዝር የሹም ዘመድን በሙሉ አያስወጣም፤ ቢያንስ ግን ስሙ ሲነበብ ሰው ያጉረመርማል። በቢሮ ውስጥ ተዘግቶ ለሚሠራ ዝርዝር ይህ የለም። ሰዎች የሚያማርሩት ምርጫው ካለቀ በኋላ ነው፤ ካርዱ ሲቀደድ፣ የቤተሰብ ቁጥር ሲሳሳት፣ የሞተ ሰው ሳይሰረዝ የተወለደው ሳይገባ ሲቀር። ያኔ ጉዳዩ ተመልሶ የደብዳቤ ጉዳይ ይሆናል።

በ2013 ዓ.ም. ክረምት በትግራይ የተጀመረው ጦርነት ወደ ዋግ ተስፋፋ፤ ሰቆጣ በሕወሓት ኃይሎች እጅ ገብታ ለወራት ቆየች። በአማራ ክልል ጦርነቱ በደረሰባቸው አካባቢዎች ቀበሌዎች፣ ወረዳዎች፣ ጤና ጣቢያዎችና ትምህርት ቤቶች ተዘረፉ፤ መዝገብና ፋይል ተበተነ። የሰቆጣው ተፈራ ኃይሉ መታሰቢያ ሆስፒታልም ከተጎዱት አንዱ ነው። ሰው ስለ ተዘረፈ አልጋና መድኃኒት ይጽፋል፤ ስለ ተቃጠለ የልደት መዝገብ የሚጽፍ ጥቂት ነው። ሆኖም አልጋ በዕርዳታ ይተካል። የአንድ ሰው የሃያ ዓመት የሥራ ማኅደር፣ የአንድ ተማሪ ውጤት፣ የአንድ ቀበሌ የምዝገባ መዝገብ ግን በግዢ አይመለስም። አዋጁ የምዝገባ ቅጂዎች ከቀበሌ ተነሥተው እስከ ፌዴራል እንዲላኩ ያዘዘው ለእንዲህ ዓይነቱ ቀን ነበር። ቅጂው በወቅቱ የተላከለት ሰው ማስረጃው ላይኛው እርከን ላይ ይገኛል፤ ቀበሌው ካቢኔት ውስጥ ቆልፎ ያስቀረው ግን ከካቢኔቱ ጋር ሄዷል።

ከአበርገሌና ከጻግብጂ ተፈናቅለው በሰቆጣና በአካባቢዋ ለዓመታት የተጠለሉትም አሉ። ነፍሱን ይዞ የወጣ ሰው የመሬት ደብተሩን ማውጣቱን አያስብም፤ ያሰበም ከልጅና ከስንቅ ጋር የሚይዝበት እጅ የለውም። መጠለያ ሲደርስ የመጀመሪያው ጥያቄ «መታወቂያ አለህ?» ነው። ከሌለው ከመጣበት ቀበሌ መሸኛ እንዲያመጣ ይጠየቃል። የመጣበት ቀበሌ ደግሞ በዚያን ጊዜ ሕዝብም ሊቀ መንበርም የለበትም፤ ሊቀ መንበሩ ራሱ እዚሁ መጠለያ ውስጥ ከአጠገቡ ተሰልፏል። ኢትዮጵያ በ2012 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 1187 ያጸደቀችው የካምፓላ ስምምነት አንቀጽ 13 ስለዚህ ጉዳይ ግልጽ ነው፤ መንግሥት ለተፈናቃይ የጠፋበትን ሰነድ ይተካለታል፣ ለዚህም ወደ ቀድሞ መኖሪያው ተመልሶ እንዲያመጣ አያስገድደውም። ይህን አንቀጽ የሚያውቅ የቀበሌ ጸሐፊ ስንት ይሆን? ላይ የጸደቀው ስምምነት ታች ያለው ጠረጴዛ ላይ መመሪያ ሆኖ እስካልደረሰ ድረስ ጸሐፊው የሚሠራው በለመደው ነው።

የጦርነቱ ዘመን ሌላም ነገር አሳይቷል። በቀበሌ መታወቂያ ላይ የሚጻፈው «ብሔር» የሚለው መስመርና የተሰጠበት ቦታ በየኬላው ሕይወት የሚያከብድ ሆነ። በዚህ ረገድ ፋይዳ አንድ እርምጃ ነው፤ ብሔርና ሃይማኖት አይመዘግብም። በ2015 ዓ.ም. የወጣው የዲጂታል መታወቂያ አዋጅ ቁጥር 1284 ለነዋሪው ባለ12 አኃዝ ቁጥር ይሰጠዋል፤ የአሥር ጣት አሻራ፣ የዓይን ብሌንና የፊት ምስል ይወሰዳል። ድንጋይ ሲሸከም፣ እርከን ሲሠራ፣ ሞፈር ሲጨብጥ ለኖረ የዋግ ገበሬ አሻራው መፋቁ የታወቀ ነው። በሕንድ «አዳሃር» በሚባለው ተመሳሳይ ሥርዓት ውስጥ አሻራቸው አልነበብ ብሎ ራሽን የቀረባቸው የቀን ሠራተኞች ጉዳይ ብዙ አነጋግሯል። የዓይን ምስሉ ይህን ይሸፍናል ተብሎ ይጠበቃል፤ መሣሪያው እስከ ጎጥ ከወረደ። ሰነድ የሌለው ሰው ደግሞ ቁጥሩን ባገኘ ሰው ምስክርነት መመዝገብ ይችላል። ከወርቅ ወንጌሉ እስከ ኮምፒዩተሩ መነሻው ምስክር መሆኑ አልተቀየረም።

ፋይዳን በተመለከተ ያለኝ ጥርጣሬ ሌላ ነው። ከነሐሴ 2015 ዓ.ም. ጀምሮ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለብዙ ወራት ተቋርጦ ነበር። ማንነቱን በኔትወርክ የሚያረጋግጥ አገር ኔትወርኩን ሲዘጋ የዜጋውን ማንነትም አብሮ ይዘጋል። ባንኮች ፋይዳን ግዴታ እያደረጉ በሄዱ ቁጥር «ሲስተም የለም» የሚለው ቃል «ኃላፊው ስብሰባ ላይ ናቸው» የሚለውን ይተካዋል። ኃላፊው ቢያንስ ይመለሳል። ስለዚህ ያለኔትወርክ የሚሠራ አማራጭ፣ በወረቀት የታተመ ካርድም ቢሆን፣ በዋግ የቅንጦት ጉዳይ አይደለም።

አዲስ አበባ ላይ በሚያዝያ 2017 ዓ.ም. የተከፈተው «መሶብ» የአንድ ማዕከል አገልግሎት ብዙ መሥሪያ ቤቶችን በአንድ አዳራሽ ሰብስቧል። የሚያስመሰግን ነው። ለሰሃላ ገበሬ ግን አዳራሹ ሰቆጣ ላይ ቢከፈት እንኳ ያው ጉዞ ነው፤ ተሰልፎ የሚቆይበት ጊዜ ይቀንሳል፣ የሚሄድበት መንገድ አያጥርም። የአቤቱታ በሮችም ርቀት አለባቸው። የሕዝብ እንባ ጠባቂ ቅርንጫፍ ያለው ባሕር ዳር ነው። የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 መሥሪያ ቤት ለውሳኔው ምክንያት እንዲሰጥ፣ ዜጋውም ውሳኔውን እንዲያስከልስ መብት ያቆማል፤ ሆኖም የሚገዛው የፌዴራልን፣ የአዲስ አበባንና የድሬዳዋን መሥሪያ ቤቶች ነው። ቀበሌና ወረዳ ከዚህ ውጭ ናቸው። የዋግ ሰው በዓመት ውስጥ ከመንግሥት ጋር በሚገናኝባቸው ጉዳዮች አብዛኞቹ የቀበሌና የወረዳ ሲሆኑ፣ «ለምን ከለከልከኝ?» ብሎ በጽሑፍ ምላሽ የማግኘት መብት በአዋጅ የተረጋገጠለት በማይደርስበት መሥሪያ ቤት ዘንድ ነው። ክልሉ ተመሳሳይ ሕግ ሊያወጣ ይገባል፤ ይህን ለማድረግ የሌላ አገር ልምድ መቅዳት አያስፈልገውም።

የተባበሩት መንግሥታት የሕፃናት መርጃ ድርጅት እንደሚለው፣ ዛሬ በዓለም ከአምስት ዓመት በታች ያሉ ልደታቸው ያልተመዘገበ ሕፃናት 150 ሚሊዮን ገደማ ናቸው። ዋግ ብቻውን አይደለም። ዋግ የሚለየው መፍትሔውን በገዛ እጁ ሠርቶ ማየቱ ነው። በገመድ ማሳ የለካው ኮሚቴ የሕፃን ልደት መጻፍ የሚያቅተው አይሆንም። የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛዋ ቤት ለቤት ትሄዳለች፤ ክትባት ስትሰጥ መዝገቡ በእጇ ቢሆን 90 ቀኑ የሚያልፍበት ምክንያት አይኖርም። የቀበሌው መዝጋቢ በገበያ ቀንና በንግሥ ቀን ሰው በተሰበሰበበት ማኅተሙን ይዞ ቢቀመጥ፣ በአንድ ቀን የሚጽፈው በወር ቢሮ ተቀምጦ ከሚጽፈው ይበልጣል። ቅጹ በኽምጣናም ቢዘጋጅ የሚጠፋው ስም ይቀንሳል። ከቀበሌ ወደ ወረዳ የሚሄደውን ደብዳቤ ደግሞ መንግሥት ራሱ ያድርሰው፤ በሳምንት አንድ ጊዜ የሚሄድ የፖስታ ከረጢት ለዚህ ይበቃል።

ይህ እስኪሆን ድረስ ለአንባቢው፣ በተለይ በከተማ ተቀምጦ ዋግ ውስጥ ቤተሰብ ላለው፣ አንድ ነገር ልበል። በሆስፒታል ወይም በጤና ጣቢያ የተወለደ ልጅ የልደት ማሳወቂያ ወረቀት ይሰጠዋል፤ ወረቀቱን ይዛችሁ 90 ቀን ሳይሞላ ቀበሌ ሂዱ። የወላጆቻችሁን የመሬት ደብተር፣ መታወቂያና የጤና መድን ካርድ ገጽ በገጽ በስልካችሁ ፎቶ አንሱና ቢያንስ በሁለት ሰው ዘንድ አስቀምጡ። ስም በሁሉም ወረቀት ላይ በአንድ ፊደል መጻፉን አሁኑኑ ተመልከቱ፤ ስህተት ካለ ጉዳይ ሳይመጣ አስተካክሉ። ከወረዳ ወጥታችሁ ከመሄዳችሁ በፊት ደግሞ ደብዳቤው ቁጥር፣ ቀን፣ ቲተርና ማኅተም እንዳለው በር ላይ ቆማችሁ እዩ።